እናቴ ቀሚስ ስትለካ የከረመችበት ክረምት

ባለፈው ሰሞን አንዲት የሥራ ባልደረባዬ ወልዳ ልጠይቃት ልደታ ኮንዶሚኒየም ሄድኩ። ደረጃውን ሳጋምስ ከአንድ ገርበብ ካለ በር የዝንጅብልና የማር እንፋሎት ወጥቶ አፍንጫዬን መታኝ። የደረጃውን ብረት ይዤ ቆምኩ። ለሌላ ሰው ይህ ሽታ የጉንፋን ሽታ ነው። እኔን ግን የሆነ ነገር ከእኔ እየተደበቀ እንደሆነ ነው የሚነግረኝ። እናቴ ከሱቋ ጓሮ በትንሽ ድስት ዝንጅብል ስታፈላ፣ እኔ ስገባ ቶሎ ብላ ክዳኑን የምትደፋበት ያ ክረምት መጣብኝ።

ሕንፃው የቆመበት ቦታ ድሮ የእኛ ሰፈር ነበር። ተደጋግፈው የቆሙ የጭቃ ቤቶች፣ የቆርቆሮ አጥር፣ ሁለት ሰው ጎን ለጎን የማያሳልፍ መንገድ። ከልደታ ማርያም በኩል ሲመጡ መጀመሪያ የሚገኘው የእናቴ ሱቅ ነበር። አባቴ ሰንጋ ተራ አንድ ጋራዥ ውስጥ መካኒክ ነው፤ ጠዋት ወጥቶ ማታ ነዳጅ ነዳጅ እየሸተተ ይመጣል።

እናቴ ሰው ፊት ድምፅዋን ከፍ አድርጋ አታውቅም። ሠርግ ቤት እንኳ ሴቶቹ ሁሉ ዘፈኑን ሲያወርዱት እሷ እያጨበጨበች ከንፈሯን ብቻ ታንቀሳቅሳለች። ጮክ ብዬ ስስቅ፣ ፀጉሬን በአዲስ ዓይነት ልሠራ ስል፣ በሩጫ ከትምህርት ቤት ስመጣ፣ የምትለኝ አንድ ነገር ነበር፦ "ሰው ምን ይላል?" እኔ ታዲያ ይህ "ሰው" የሚባለው አንድ የታወቀ ሰው ይመስለኝ ነበር። በልቤም አባባ ወልዴ ናቸው ብዬ ወስኜ ነበር።

አባባ ወልዴ የዕድራችን ዳኛ ናቸው። ረጅም፣ ቀጥ ያሉ፣ ክረምት ከበጋ ጥቁር ጃንጥላ ከእጃቸው የማይለይ ሽማግሌ። እሳቸው ጃንጥላቸውን ሲዘረጉ ሌሎቹም የዕድሩ ሰዎች ሰማዩን ቀና ብለው ሳያዩ የየራሳቸውን ይዘረጋሉ። ማን መቼ ጥቁር መልበስ እንዳለበት፣ መቼ ማውለቅ እንዳለበት፣ ለቅሶ ቤት ማን የት እንደሚቀመጥ የሚያውቁት እሳቸው ናቸው። አንድ ሰው ከወጉ ወጣ ከተባለ ቤቱ ድረስ መጥተው በጃንጥላቸው ጫፍ በሩን ያንኳኳሉ። ያንን ኳኳታ እኛ ልጆች እንኳ ለይተን እናውቀው ነበር።

ያን ዓመት ከወጉ የወጣችው እትዬ ሙሉ ነበረች። እትዬ ሙሉ ልብስ ሰፊ ናት፤ ከእኛ ሱቅ ፊት ለፊት አንዲት ክፍል አላት። ባሏ ደረቱን ሲያመው ከርሞ በሁዳዴ ጾም ማለቂያ ሞተ። ሰፈሩ ሁሉ ቀበረላት፣ አስተዛዘናት። ታዲያ ዓመት ሳይሞላት፣ ሰኔ እንደገባ፣ አንድ ጠዋት ጥቁሯን አውልቃ ሰማያዊ ቀሚስ ለብሳ ወጣችና በሯ ላይ ቆማ ጥርሷን ፋቀች። እናቴ ሱቅ ውስጥ ስኳር እየመዘነች ነበር። ስኳሩ ሚዛኑ ላይ ቀረ።

ጎረቤታችን እትዬ አስካለ ወዲያው መጥታ ባንኮኒው ላይ ተደገፈች። "ምን አስባ ነው?" አለች። ከዚያ ቀን ጀምሮ የሰፈሩ ቃል ይህ ሆነ። የቧንቧ ውሃ ወረፋ ላይ፣ ወፍጮ ቤት፣ ከቤተክርስቲያን መልስ፣ እትዬ ሙሉ ስታልፍ ሁሉም ዝም ይላል፤ ካለፈች በኋላ አንዷ "ምን አስባ ነው?" ትላለች።

እንዲህ ባለው ሰሞን ነው ቲቸር ኤልያስ ኦፔራ ይዞ የመጣው። ቲቸር ኤልያስ ከአንዲት ትንሽ ከተማ ወደ ትምህርት ቤታችን የተዛወረ ወጣት የሙዚቃ አስተማሪ ነው። ለእንቁጣጣሽ በቴሌቪዥን የሚተላለፍ፣ ከዳር እስከ ዳር በዜማ የሚነገር አስቂኝ ድራማ እንደሚሠራ ነገረንና ክረምቱን የሚዘምሩ ልጆች መረጠ። እኔም ጓደኛዬ ሰሚራም ተመረጥን። ሮጬ ሄጄ ለእናቴ "ኦፔራ ልሠራ ነው!" ስላት እትዬ አስካለ እዚያው ነበረች።

"ኦፕራሲዮን? ምኗን አሟት?" ብላ ደረቷን ያዘች። ነገሩ እስኪጣራ ድረስ በማግስቱ ሁለት ሴቶች ሊጠይቁኝ ብርቱካን ይዘው መጥተዋል።

ድራማው እንዲህ ነው። አንዲት ትንሽ ከተማ አለች። የከተማዋ ከንቲባ ጥቁር ጃንጥላ ይይዛል፤ ስለዚህ ሕዝቡ ሁሉ ጥቁር ጃንጥላ ይይዛል። ከንቲባው ሲዘረጋ ሁሉም ይዘረጋል፤ ሲያጥፍ ሁሉም ያጥፋል። አንድ ቀን ግን አንዲት ሴት ቀይ ጃንጥላ ይዛ ወደ ከተማዋ ትገባለች። ፀሐይ ከሆነ አትዘረጋውም። ሕዝቡ ይደነግጣል፤ ይከተላታል፤ በየመስኮቱ አጮልቆ ያያታል። እኛ ልጆች የከተማዋ ሕዝብ ነን። እየተንሾካሾክን፣ ጎንበስ ቀና እያልን እንዲህ እንላለን፦

ምን አስባ ነው? ምን አስባ ነው?
አትጠይቋት፣ ግን ምን አስባ ነው?

እኔ ደግሞ ብቻዬን የምዘፍናት አንዲት መስመር ነበረችኝ። ሁሉም ጃንጥላውን "ጧ!" አድርጎ ሲዘረጋ መሐል ገብቼ "ጃንጥላው ለምንድን ነው?" እላለሁ፤ ሕዝቡ በሙሉ "ዝም በይ!" ይለኛል። ይህችን መስመር ቀኑን ሙሉ እላት ነበር፤ እቃ ሳጥብ፣ ስተኛ፣ መንገድ ላይ።

ችግሩም ከዚያ ጀመረ። የምንለማመድበት የትምህርት ቤቱ አዳራሽ ከመንገድ በአንድ ግድግዳ ነው የሚለየው። አንድ ጠዋት ከዝናብ ሊጠለሉ ከግድግዳው ሥር የቆሙት አባባ ወልዴ መዝሙሩን ሰሙ። "ምን አስባ ነው?" የሚለውን፤ ከዚያም ጥቁር ጃንጥላ ስለያዘው ከንቲባ የሚለውን። ቲቸር ኤልያስ የባለ ቀይ ጃንጥላዋን ሴት ቦታ ለማን እንደሰጠ ደግሞ በዚያው ሳምንት ተሰማ፤ ልብሶቻችንን ልትሰፋ ስትመጣ አካሄዷን አይቶ ለእትዬ ሙሉ ነው የሰጣት።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ዕድሩ የድንኳንና የድስት ማስቀመጫ በሆነው የቆርቆሮ ቤት ተሰበሰበ። እኔና ሰሚራ በቆርቆሮው ቀዳዳ እናያለን። አባባ ወልዴ ተነሡ።

"መካከላችን ጆሮ ጠቢ አለ" አሉ። "እኛ በየቤታችን የምንናገረው ትምህርት ቤት ውስጥ በዜማ እየተባለ ነው። ለዚህ ሰው ማን እንደነገረው እናጣራለን።"

ጆሮ ጠቢ ሲባል የሰማሁት ያን ቀን ነው። ሰው ተኝቶ ሳለ ጆሮውን የሚጠባ፣ ውስጡ ያለውን ነገር ሁሉ ስቦ የሚወስድ ሰው ነው የመሰለኝ። ከዚያ ቀን በኋላ ጆሮዬን በሻርፕ ሳልጠቀልል ተኝቼ አላውቅም።

ቲቸር ኤልያስ ተጠርቶ ጥግ ላይ ቆሟል። "አባባ፣ ይህን የጻፍኩት እናንተን ሳላውቅ፣ አገሬ እያለሁ ነው። ከተማዋም በእውነት የለችም" አለ።

"የሌለች ከተማ ውስጥ ጥቁር ጃንጥላ የያዘ ሽማግሌ ምን ይሠራል?"

"እኛም ዘንድ ነበሩ።"

"ማን?"

"እንደ እርስዎ ያሉ።"

የሳቀ ሰው አልነበረም። አባባ ወልዴ ወደ እትዬ ሙሉ ዞሩ። "አንቺ ከዚህ ነገር ውጪ። ካልወጣሽ ስለ ዕድርሽ እንነጋገራለን።" ከዕድር መውጣት ማለት ስትሞት ድንኳን የሚተክልልህ፣ አስከሬንህን የሚሸከም፣ ቤትህ ገብቶ የሚያለቅስልህ ጎረቤት ማጣት ማለት እንደሆነ እኔ እንኳ አውቅ ነበር።

እትዬ ሙሉ ነጠላዋን አስተካክላ ተነሣች። "ባሌን የቀበራችሁልኝ እናንተ ናችሁ፤ ውለታችሁን አልረሳም" አለች። "ግን እሱ ራሱ ነው አልጋው ላይ ሆኖ 'በእኔ ምክንያት ጥቁር ለብሰሽ እንዳትከርሚ' ያለኝ። ለማን ልታዘዝ?"

"ይህን ሲላት ማን ሰማ?" አለች እትዬ አስካለ።

"እኔ" አለች እትዬ ሙሉ፤ ወጥታም ሄደች።

ማታ እናቴ "ከነገ ጀምሮ መዝሙሩ ጋ አትሄጂም" አለችኝ። ሰሚራንም፣ የሰፈሩን ልጆች በሙሉም ቤተሰቦቻቸው አስቀሯቸው። አለቀስኩ፤ መሬት ላይ ተንከባለልኩ። አንዲቷ መስመሬ ለሌላ ሰፈር ልጅ ልትሰጥ ነው። "ለምን? ለምን?" ስላት እናቴ ፊቷን አዙራ "ሰው ምን ይላል?" አለች። አባባ ወልዴን የዚያን ዕለት ጠላኋቸው።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ እናቴ ሱቁን አደራ ብላኝ ነጠላዋን ተከናነበች።

"የት ልትሄጂ ነው?"

"እትዬ ሙሉ ጋ። ቀሚስ ልለካ።"

አፌን ከፍቼ ቀረሁ። ሰፈሩ የሸሻትን ሴት፣ ያውም "ሰው ምን ይላል" የምትለው እናቴ! ግራ ቀኝ አይታ፣ መንገዱ ጭር እስኪል ጠብቃ ተሻገረች። ተመልሳ ስትመጣ ጉንጮቿ ቀልተዋል። በነጋታውም ሄደች። ከዚያም በኋላ፣ ከሰዓት ዝናቡ ሲከብድና ሰው ከመንገድ ሲጠፋ ትሄዳለች። ቀሚሱ ግን አልመጣም። አንገቷን በሻሽ መጠቅለል ጀመረች፤ ዝንጅብል ታፈላለች፤ ምን እንደሆነች ስጠይቃት "ብርድ ነው" ትላለች፤ ግን አታስልም።

አባቴም ነቅቶ ነበር። አንድ ማታ እጁን በሳሙና እያሸ፣ "ያ ቀሚስ የቤተ መቅደስ መጋረጃ ነው እንዴ? ለክታችሁ አልጨረሳችሁም?" አላት።

"ጨርቁ አስቸግሮ ነው።"

"ጨርቁ" አለ አባቴ። እራቱን በልቶ እስኪጨርስ ዓይኑን ከእሷ ላይ አላነሣም።

እኔ ለራሴ መርማሪ ሆንኩ። አንድ ቀን ዝናቡ ሲወርድ ሱቁን ቆልፌ ተከተልኳት። የእትዬ ሙሉ በር ተዘግቷል። የልብስ ስፌት መኪናው ተረተረተር ይላል። በበሩ ስንጥቅ ሳይ እትዬ ሙሉ ፔዳሉን እየረገጠች ነው፤ መርፌው ሥር ግን ጨርቅ የለም! ባዶ መኪና ነው የምትነዳው። ከመኪናው ድምፅ ሥር የሴት ድምፅ ይሰማል፤ እናቴ ትታየኝ ነበር፤ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ቆማለች። ሬዲዮ የከፈቱ መሰለኝ። ሬዲዮውንም መኪናውንም የሚያስጮኹት የሚያወሩትን ሰው እንዳይሰማባቸው ነው አልኩ። የሰፈሩን ሚስጥር ለእትዬ ሙሉ የምታቀብላት፣ እትዬ ሙሉም ለቲቸር ኤልያስ የምታደርስላት፣ ጆሮ ጠቢዋ የገዛ እናቴ ነበረች።

ለሰሚራ የነገርኳት የባዶውን መኪና ነገር ብቻ ነው። ሰሚራ ትንሽ አሰበችና "በቃ፣ ጆሮ ጠቢዋ እናትሽ ናት" አለች። ጸጉሯን ይዤ ጭቃ ውስጥ ተንከባለልን። ስንላቀቅ ሁለታችንም እያለቀስን ነበር። "ለማንም አልናገርም፤ ወላሂ" አለችኝ። አልተናገረችም።

ከዚያ በኋላ ፍርሃቴ ሌላ ሆነ። ቢታወቅ ከዕድሩ እንባረራለን፤ እናቴ ብትሞት የሚቀብራት የለም። እናቴ ማታ ስትተኛ ደረቷ ከፍ ዝቅ ማለቱን አያለሁ። አንድ ከሰዓት፣ እናቴ እንደተሻገረች፣ እትዬ አስካለ ሱቁ ላይ ከች አለች።

"እናትሽስ?"

"ሜክሲኮ ዕቃ ልታመጣ ሄዳለች።"

አፍንጫዋን ወደ ጓሮ ዘረጋች። "ዝንጅብል ይሸታል። ማን ታሞ ነው?"

"እኔ" ብዬ ሳልኩ። ቆማ ስታየኝ ድስቱን አምጥቼ፣ ገና የሚያቃጥለውን፣ ፊቷ ቆሜ ጠጣሁት። ዓይኔ እንባ ሞላ። እትዬ አስካለ ክብሪት ገዝታ ሄደች፤ ሦስቴ ግን ዞራ አየችኝ።

እንቁጣጣሽ ደረሰ። የሰፈሩ ትልቁ ቴሌቪዥን አባባ ወልዴ ቤት ነበር። ድራማው ከሰዓት በኋላ እንደሚተላለፍ ሲሰማ አባባ ወልዴ ሰው ሁሉ እንዲመጣ አዘዙ። "ማስረጃ ነው፤ እያንዳንዱን ቃል አዳምጡ" አሉ። እኛም ሄድን። ሳሎኑ ሞላ፤ ልጆች መሬት ላይ፣ ሴቶች አግዳሚ ላይ፣ ወንዶች በሩ ላይ። እናቴ ጥግ ይዛ ፈንዲሻ ከሳህን ወደ ሳህን ትገለብጣለች። እትዬ ሙሉ አልተጠራችም።

ድራማው ጀመረ። በመጀመሪያ የሳቀ የለም። ሰዎቹ ከንቲባውን ያያሉ፣ አባባ ወልዴን ያያሉ፣ መልሰው ከንቲባውን ያያሉ። የእኔን መስመር የማላውቃት ልጅ ዘፈነቻት፤ ከእኔ አልበለጠችም። ከዚያ ከተማዋ ላይ እውነተኛ ዝናብ ጣለ። ከንቲባው በኩራት ጃንጥላውን ዘረጋ፤ ሕዝቡም ዘረጋ፤ ጃንጥላዎቹ ሁሉ እንደ ወንፊት ቀዳዳ ናቸው! ለካ በዝናብ የሞከራቸው ሰው አልነበረም፤ ብል በልቷቸዋል። ከንቲባው በአፍንጫው ውሃ እየወረደ "ደርቄአለሁ! ደርቄአለሁ!" እያለ ሲዘፍን መጀመሪያ በሩ ላይ ካሉት ወንዶች አንዱ ሳቁን አፈነዳው። ከዚያ ሌላው። እትዬ አስካለ ሳቋን ለማፈን ነጠላዋን ነከሰች። አባባ ወልዴ ወደ ጣሪያው አዩ።

ከዚያ እትዬ ሙሉ በቀይ ጃንጥላ ብቅ አለች፤ አፏን ከፈተች፦

ፀሐይ ከወጣችስ ልሙቃት፣ ግዴለም፤
ዝናብ የመጣ ዕለት የሚቀር ሰው የለም።
ጥላዬ ቀይ ቢሆን ማንን አስቀየመ?
ዓይኔን ደስ ስላለው፣ ልቤ ስላለመ።

ሳቁ ቆመ። ድምፁ ወፍራምና ንጹሕ ነበር፤ ግድግዳውን አልፎ የሚሄድ ዓይነት። ይህ ድምፅ፣ ቀስ ሲል፣ ለእራት የሚጠራኝ ድምፅ ነው።

"ሙሉ እንዲህ ያለ ድምፅ ከየት አመጣች?" አለች እትዬ አስካለ።

"የሷ አይደለም" አሉ አባባ ወልዴ ወደፊት ዘንበል ብለው። "አፏና ዜማው አይገጥምም። ከጀርባ ሌላ ሰው አለ። ይህችን ነው መፈለግ!"

ሴቶቹ እርስ በርሳቸው መተያየት ጀመሩ። እያንዳንዷ ጎረቤቷን ከላይ እስከ ታች ታያለች። እኔ ጉልበቴን አቅፌ "አትናገሪ፣ አትናገሪ" እላለሁ በልቤ።

እናቴ የፈንዲሻውን ሳህን አስቀመጠች። "እኔ ነኝ" አለች።

ቴሌቪዥኑ ውስጥ መዝፈኗን አላቆመችም፤ እዚህ ቆማለች፣ እዚያም ትዘፍናለች። በሩ ላይ ተደግፎ የነበረው አባቴ ቀስ ብሎ ቀና አለና፦

"ቀሚሱ ይኼ ነው?" አላት።

"ይኼ ነው።"

አባቴ ጭንቅላቱን ነቀነቀ። ከሰዎቹ መሐል አልፎ ሄዶ ጎኗ ቆመ። "ልክሽ ነው" አለ።

አባባ ወልዴ ቴሌቪዥኑ እስኪያልቅ አልተናገሩም። ሲያልቅ "ከበዓሉ በኋላ እንነጋገርበታለን" ብለው ተነሡ፤ ሁላችንም በየቤታችን ሄድን። መንገድ ላይ ለእናቴ እጄን አልሰጣትም አልኩ። "እኔን አስቀርተሽኝ አንቺ ሄድሽ!"

"ያንቺ ፊትሽ ይታያል" አለችኝ። "የእኔ ግን ድምፄ ብቻ ነው፤ ማን ያውቀኛል ብዬ ነው።" ትንሽ ተራምዳ ቆመች። "አገር ቤት፣ ልጅ ሳለሁ፣ ሚሲዮን ቤተክርስቲያን ውስጥ እዘምር ነበር። ሙሉ ሱቅ መጥታ ሳንጎራጉር ሰማችኝ። እሷ አካሄድ እንጂ ድምፅ የላትም፤ አንድ ጊዜ ብቻ ድምፅሽን እንቅዳው ብላ ለመነችኝ።" ያን ያህል ስለ ራሷ ስታወራ ሰምቼ አላውቅም።

ከዚያ በኋላ ያሉት ሳምንታት ጥሩ አልነበሩም። እናቴ ቧንቧ ጋ ስትደርስ ወሬው ይቆማል። ሱቃችን ቀዘቀዘ። "ምን አስባ ነው?" የሚለው ቃል አሁን በእኛ በር በኩል ያልፋል። አባባ ወልዴ እንነጋገራለን ያሉት ስብሰባ ግን አንድ ጊዜ ለቅሶ መጣ፣ አንድ ጊዜ ዳኛው አሟቸዋል እየተባለ ሲገፋ ቆየ። እናቴ በእያንዳንዱ እሑድ ነጠላዋን አጥባ ትጠብቅ ነበር።

መስቀል ካለፈ በኋላ ነው ሌላ ነገር የጀመረው። አንድ ማለዳ እትዬ አስካለ መጣች። ግራ ቀኝ አየች፤ ክብሪት ጠየቀች፤ ክብሪቱን ይዛ አልሄደችም። "እኔ እኮ" አለች ዝቅ ብላ፣ "ልጅ ሆኜ ከወንዶች ጋር ኳስ እጫወት ነበር። በረኛ ነበርኩ።" እናቴ አልሳቀችም። "ኳሱን ትይዢው ነበር ወይ?" አለቻት። "እንዴታ!" አለች እትዬ አስካለ፤ እጆቿን ዘርግታ አሳየቻት፤ ሰው ሲመጣ ደግሞ እጇን ነጠላዋ ሥር አስገብታ ወጣች። ሌላ ቀን ሌላዋ መጣች። የሰሚራ እናት የማይገዙትን ዕቃ እያገላበጡ፣ ለማንም ያላወሩትን ለእናቴ ነግረዋት ሄዱ። ሁሉም ዓይናቸው መንገዱ ላይ ነበር።

አንድ ከሰዓት፣ ባንኮኒው ሥር ተቀምጬ ሳለ፣ የጃንጥላ ጫፍ እንጨቱን ኳ ኳ አደረገው። እናቴ ብድግ አለች።

"ሳሙና አለ?" አሉ አባባ ወልዴ።

"አለ፣ አባባ።"

ሳሙናውን ተቀበሉ። አገላብጠው አዩት። ጉሮሯቸውን ጠረጉ። መንገዱን ወዲህ አዩ፤ ወዲያ አዩ።

"ያ መዝሙር…" አሉ። "ከ'ግዴለም' በኋላ ያለው። እንዴት ነበር የሚለው?"

እናቴ ትክ ብላ አየቻቸው፤ የሚፈትኗት ነው የመሰላት። ከዚያ ሁለት እጇን ባንኮኒው ላይ አድርጋ፣ በጣም ቀስ ብላ ዘፈነችላቸው። አባባ ወልዴ መደርደሪያው ላይ ያሉትን የቲማቲም ጣሳዎች እያዩ ሰሙ። ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ ከታች ሆኜ አየሁ። ስትጨርስ "እንደገና" አሉ፤ እንደገና ዘፈነችላቸው።

ከመታጠፊያው የሰው ኮቴ ተሰማ። አባባ ወልዴ ወዲያው ቀጥ አሉ።

"ሳሙናው ጥራቱ ወርዷል!" አሉ መንገዱ ሁሉ እንዲሰማቸው ጮክ ብለው። ሳሙናውን ኪሳቸው ከተው ሄዱ።